በረሃውን ያቋረጠ ባለ ካሜራ

አዳማና የስምጥ ሸለቆ ከተሞች ልጆቻቸውን ይሸኛሉ፣ ተፈናቃይ ይቀበላሉ፣ ከስደት ተመላሽ ያስጠጋሉ። ይህን ሕይወት ማን ይቅረጸው? ከአዲስ አበባ ተነሥቶ በሊቢያ በኩል ጣሊያን የገባው ዳግማዊ ይመር በፊልሞቹ መልሶታል።

ቪዲዮው ሲደርስ ስልኩ የሚያሰማው ድምፅ ከሌላው መልእክት አይለይም። አዳማ ወይም አርሲ ነገሌ ወይም ሻሸመኔ የምትኖር እናት ትከፍተዋለች። ልጇ የፊጥኝ ታስሮ መሬት ላይ ተጋድሟል። የሚቀርጸው ሰው አይታይም፤ ድምፁ ግን ይሰማል። አንዳንዴ በዐረብኛ ይናገራል፤ አንዳንዴ ደግሞ፣ የበለጠ የሚያመው ይሄ ነው፣ በራሷ በእናትየው ቋንቋ። ከዚያ የገንዘቡ መጠንና የባንክ ሂሳብ ቁጥሩ ይከተላል። በማግስቱ ጎረቤት ይሰበሰባል፣ እድርተኛው ያዋጣል፣ በሬው ወይም ባጃጁ ይሸጣል፤ ያ ካልበቃ ቤቱም ለገበያ ይወጣል።

ስለ ስደተኞች ሕይወት ዶክመንተሪ ስናወራ ከዚህ መነሣት ያለብን ይመስለኛል። በብዙ ቤት የስደተኛውን ሕይወት ቀድሞ የቀረጸው ጋዜጠኛ ወይም የፊልም ባለሙያ አይደለም፤ አሳሪው ነው። እ.ኤ.አ. በጥር 2025 መጀመሪያ ላይ አንዲት ኢትዮጵያዊት ወጣት አፏ ተለጉሞ፣ እጅና እግሯ ታስሮ የሚያሳይ ፎቶግራፍ ከሊቢያ ወጥቶ ዓለምን አዳርሶ ነበር። ቤተሰቧን አስጨንቆ ገንዘብ ለማስላክ የተነሣ ፎቶግራፍ ነው። የተነሣበትም ቦታ ኩፍራ ነው፤ በደቡብ ምሥራቅ ሊቢያ በረሃ ውስጥ ያለች ከተማ።

ይህን የከተማ ስም እ.ኤ.አ. በ2008፣ ያለፉባት ሰዎች በራሳቸው አንደበት ሲጠሩት ያሰማን ፊልም አለ። ከፊልሙ አዘጋጆች አንዱ ራሱ በዚያው መንገድ ያለፈ የአዲስ አበባ ልጅ ነው።

መንገዶቹ የሚገናኙባት ከተማ

አዳማ መንገደኛ የማይጠፋባት ከተማ ናት። ያሳደጋት የባቡር መስመር ነው፤ ዛሬም ከአዲስ አበባ የሚመጣው የፍጥነት መንገድ የሚያበቃው እዚሁ ነው። ከዚህ በመተሐራና በአዋሽ አድርጎ፣ በሚሌና በጋላፊ በኩል ጅቡቲ የሚደርሰው አስፋልት ሌሊቱን ሙሉ የጭነት መኪና ያስተናግዳል። በሌላ በኩል የአሰላው መንገድ አርሲንና ባሌን ያመጣል። ትንሽ ወደ ኋላ ተብሎ ከሞጆ የሚገነጠለው ደግሞ በመቂ፣ በባቱና በሻሸመኔ አልፎ እስከ ሞያሌ ይዘልቃል።

እህል፣ ሲሚንቶና ነዳጅ በሚሄድበት መንገድ ሰውም ይሄዳል። ምሥራቁን የያዘ ወጣት ጅቡቲ ዳርቻ ኦቦክ ላይ ጀልባ ጠብቆ፣ የመንን አቋርጦ ሳዑዲ ዐረቢያ ለመግባት ያስባል። ደቡቡን የያዘው በኬንያ በኩል ደቡብ አፍሪካን ያልማል። ሰሜኑ በሱዳንና በሊቢያ አድርጎ ወደ ሜዲትራኒያን ባሕር ያወጣል። ደላላው ቢሮም ታፔላም የለውም። ያለው ስልክና ቀድሞ የሄደ የሰፈር ልጅ ስም ነው። የሰፈር ልጅ ስም ደግሞ ከማንኛውም ማስታወቂያ በላይ ይታመናል።

ሰው በእነዚሁ መንገዶች ይመለሳልም። እ.ኤ.አ. ከ2013 መጨረሻ ጀምሮ ሳዑዲ ዐረቢያ በጥቂት ወራት ውስጥ ከ160,000 በላይ ኢትዮጵያውያንን ስትመልስ አብዛኛው ሰው አንዲት ፌስታል ይዞ ነበር የገባው። በ2010 ዓ.ም. ገደማ ደግሞ ከሶማሌ ክልል የተፈናቀሉ ኦሮሞዎች አዳማን ጨምሮ በተለያዩ የኦሮሚያ ከተሞች እንዲሰፍሩ ተደረገ። በሕግ ቋንቋ እነዚህ ሰዎች ስደተኞች አይባሉም። ስደተኛ ማለት ድንበር የተሻገረ ነው፤ ለእሱ እ.ኤ.አ. የ1951ዱ ስምምነትና የአገራችን አዋጅ ቁጥር 1110/2011 አሉለት። በገዛ አገሩ ከቤቱ የተነቀለው ተፈናቃይ ይባላል፤ እሱን የሚመለከተው የአፍሪካ ኅብረት የካምፓላ ስምምነት ነው። ጅግጅጋ ውስጥ ሱቅ የነበራት፣ ልጆቿን በሶማሊኛና በኦሮምኛ ያሳደገች፣ አሁን አዳማ ከተማ ዳር በተሰጣት ቤት ደጃፍ ሽንኩርትና ቲማቲም የምትቸረችር እናት ግን ይህ ልዩነት ኑሮዋን ቅንጣት አላቀለለላትም።

የሕግ ተማሪው መንገድ

ዳግማዊ ይመር አዲስ አበባ ተወልዶ ያደገ፣ በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ሕግ ያጠና የነበረ ወጣት ነው። ከምርጫ 97 በኋላ በመጣው ሁከትና እስር ማግስት አገሩን ለቆ ወጣ። በሱዳን በኩል ሰሃራን አቋርጦ ሊቢያ ገባ፤ በሐምሌ 1998 ዓ.ም. ላምፔዱዛ ከምትባለው የጣሊያን ደሴት ደረሰ። ያኔ ካሜራ ይዞ የሚያውቅ ሰው አልነበረም።

ወደ ሮም ከሄደ በኋላ አሲኒታስ የተባለ ማኅበር ለስደተኞች በሚሰጠው የጣሊያንኛ ትምህርት መማር ጀመረ። በዚያ ትምህርት ቤት አንድ ጥሩ ልማድ ነበረ። ተማሪዎቹ ቋንቋውን የሚለማመዱት የራሳቸውን ታሪክ እየተናገሩ ነው፤ ቆይቶም የቪዲዮ ሥልጠና ታከለበት። አብረው በረሃውን ያለፉ ኢትዮጵያውያን እርስ በርስ ይጠያየቁ ጀመር። ሥራውን ካገዙት መካከል አሌሳንድሮ ትሪዩልዚ ይገኝበታል፤ በወለጋና በቤኒሻንጉል ታሪክ ላይ ለረጅም ጊዜ የሠራ፣ ኢትዮጵያን በቅርብ የሚያውቅ ጣሊያናዊ የታሪክ ምሁር ነው።

ከዚህ ሥራ «እንደ ሰው በምድር ላይ» የሚል ትርጉም ያለው ፊልም ወጣ። ዳግማዊ ከጣሊያናውያኑ አንድሬያ ሴግሬና ሪካርዶ ቢያዴኔ ጋር ሆኖ ያዘጋጀው ይህ ሥራ እ.ኤ.አ. በ2008 ነው ለተመልካች የቀረበው። ወንዶችና ሴቶች በየተራ ተቀምጠው ሊቢያ ውስጥ የደረሰባቸውን ይናገራሉ። ፖሊስ ይዟቸው ለደላላ ሸጧቸዋል። ከባሕሩ ዳርቻ በብረት ኮንቴይነር ታጭቀው፣ አየር እያጠራቸው፣ ወደ ኩፍራ ተመልሰዋል። ከኩፍራ እንደገና ተሸጠው መንገዱን ከመጀመሪያው ጀምረውታል፤ አንድ ሰው ደጋግሞ የሚሸጥበት ዑደት ነው። ፊልሙ ከዚህም አልፎ አውሮፓን በተለይም ጣሊያንን ይጠይቃል። ስደተኛ ከባሕሩ እንዳይሻገር ለሊቢያ የሚሰጠው ገንዘብና ቁሳቁስ እነማን እጅ ይገባል?

> ጠያቂው ኮንቴይነሩን የሚያውቅ ሰው ሲሆን ተጠያቂው ከመጀመሪያው መጀመር አያስፈልገውም።

በፊልሙ ውስጥ እኔን የሚይዘኝ የአነጋገሩ መንገድ ነው። ዳግማዊ የሚጠይቀው አብሮ እንደተሰቃየ ሰው ነው። ተናጋሪው ዝም ሲል አይቸኩልም፤ ያ ዝምታ ምን እንደያዘ ያውቀዋል። አንዲት ሴት ከፊሉን ተናግራ ከፊሉን ስትውጠው እንድትጨርሰው አይገፋፋትም። ለእንግዳ ጋዜጠኛ የሚነገር ታሪክ ብዙ ጊዜ ማመልከቻ ይሆናል፤ ሰውየው ጥገኝነት ለማግኘት ወይም እርዳታ ለመቀበል የሚጠቅመውን መርጦ ይናገራል። ለባልንጀራ ሲነገር ግን ቁጣው፣ ሀፍረቱ፣ አንዳንዴም ሳቁ ሳይቀር ይወጣል።

ፊልሙ በወጣበት ዓመት፣ በነሐሴ ወር፣ የጣሊያኑ ጠቅላይ ሚኒስትር በርሉስኮኒና የሊቢያው መሪ ጋዳፊ ቤንጋዚ ላይ የወዳጅነት ውል ተፈራርመዋል። በሚቀጥለው ዓመት ጣሊያን በባሕር ላይ ያገኘቻቸውን ሶማሌዎችና ኤርትራውያን በመርከብ ወደ ሊቢያ መለሰች። የአውሮፓ የሰብአዊ መብት ፍርድ ቤት ድርጊቱ ሕግ የጣሰ መሆኑን የወሰነው እ.ኤ.አ. በ2012 ነው። የሊቢያን እስር ቤቶች ነገር አናውቅም ነበር ለማለት ግን ጊዜው አልፎ ነበር፤ የታሰሩት ሰዎች ራሳቸው በፊልም ተናግረዋል።

ዞር ብሎ አስተናጋጁን መቅረጽ

ብዙዎች በዚህ አንድ ፊልም ይበቃቸው ነበር። ዳግማዊ ግን በጥያቄው ገፋበት። ሮም አጠገብ ካስቴልኑኦቮ ዲ ፖርቶ የሚገኝ የጥገኝነት ጠያቂዎች ማዕከል ገብቶ፣ እ.ኤ.አ. በ2009 የሁለት ሶማሌ ወጣቶችን የጥበቃ ሕይወት አሳየ። እ.ኤ.አ. በ2011 ደግሞ በጀልባ ወደ ወረደባት ላምፔዱዛ ተመልሶ ካሜራውን በደሴቲቱ ነዋሪዎች ላይ አደረገ። ዓሣ አጥማጆቿ እንዴት ይኖራሉ? መንግሥታቸው ያስታውሳቸዋል? ላምፔዱዛን ዜና የሚያውቃት በጀልባና በሬሳ ነው፤ እሱ ደግሞ የራሷ ችግር ያላት የሰው መኖሪያ አድርጎ አሳያት። የተቀበሉትን ሰዎች ለመቅረጽ መብት አለኝ ብሎ መነሣቱ በራሱ ትልቅ እርምጃ ነው። እስከ ዛሬ ሲታይ የኖረው ሰው ተመልካች ሆነ።

ጣሊያኖች ስለ እኛ የሚያውቁት ጥቂት መሆኑ በሥራዎቹ ውስጥ ደጋግሞ ይሰማል። እዚህ ግን ታሪኩ ከደጃችን ነው። ከአዳማ ብዙም ሳይርቅ አዋሽ ላይ የተሠራውና እ.ኤ.አ. በ1960 የተጠናቀቀው የቆቃ ግድብ ወጪው የተሸፈነው ጣሊያን በከፈለችው የጦር ካሳ ነው። የአዳማ ልጅ ከዚያ የሚመነጨውን መብራት እያየ አድጎ ሮም ሲገባ ከየት እንደመጣ ካርታ ላይ እንዲያሳይ ይጠየቃል።

ከዚያ በኋላ የመጡት ሥራዎች ከበድ ያሉ ናቸው። አንዱ ሚላኖ ውስጥ በጠራራ ፀሐይ በጩቤ የተወጋን ሴኔጋላዊ አርቲስትና እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 2011 ፍሎረንስ ገበያ ውስጥ በዘረኛ ሰው ከተተኮሰባቸው ሴኔጋላውያን ነጋዴዎች የተረፉትን ይከተላል። ሁለት ባልንጀሮቻቸው በዚያ ቀን ሞተዋል።

የመጨረሻ አድርጌ የማነሣው «አስማት» የሚለውን አጭር ፊልም ነው። መስከረም 23 ቀን 2006 ዓ.ም. ከሊቢያ የተነሣች ጀልባ ላምፔዱዛ አጠገብ ተቃጥላ ሰጠመች። 368 ሰዎች ሞቱ፤ የሚበዙት ኤርትራውያን ነበሩ። የዓለም ቴሌቪዥን የሬሳ ሣጥን ረድፍ አሳየ፣ ቁጥሩን ደጋገመ። ዳግማዊ በፊልሙ የሟቾቹን ስም ያስጠራል። አንድ በአንድ፣ በረጅሙ፣ ተመልካች እስኪደክም ድረስ። አንዳንድ ተመልካች ይህን ያህል ለምን አስረዘመው ሊል ይችላል። እኔ ግን በአንዱም ስም አላጠረውም ብዬ አመሰግነዋለሁ። ለቅሶ ቤት ተቀምጦ የሚያውቅ ሰው የሟች ስም ተጠርቶ እንደማይጠገብ ያውቃል፤ እነዚህ ሰዎች ደግሞ ብዙዎቹ ለቅሶ የተቀመጠላቸው ዘግይቶ፣ ያለ ሬሳ ነው።

ከእሱ በፊትና ከእሱ በኋላ

ዳግማዊ ብቻውን አይደለም። ሳሌም መኩሪያ የተባለች ኢትዮጵያዊት የፊልም ባለሙያ እ.ኤ.አ. በ1991 «ስደት» የተባለ ዶክመንተሪ ሠርታለች። ሱዳን ውስጥ በስደት ይኖሩ የነበሩ ሴቶችን ሕይወት የሚያሳይ ነው። ያ ዘመን የኢትዮጵያ ችግረኛ በዓለም ፊት በአንድ ምስል የታወቀበት ነበር። በጥቅምት 1977 ዓ.ም. ኬንያዊው የካሜራ ባለሙያ ሞሐመድ አሚን ኮረም ላይ የቀረጸው፣ ቢቢሲ ያሰራጨው ምስል ዓለምን አስለቀሰ፤ እርዳታም አመጣ። ሕይወት አትርፏልና አልነቅፈውም። ተመልካቹ ግን ከተቀረጹት ሰዎች የአንዳቸውን ስም ሳይዝ ቀረ። የሳሌም ፊልም ግን ሴቶቹን በዕለት ኑሯቸው ያሳያል። የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ጣቢያዎች እንዲህ ያሉ ሥራዎችን ለምን ደጋግመው አያሳዩም የሚለው ጥያቄ ውስጤን ይበላዋል።

በእኛ ጊዜ ደግሞ ጄሲካ በሽር አለች፤ በአባቷ ኢትዮጵያዊት፣ በእናቷ ሜክሲኳዊት፣ በልጅነቷ ከቤተሰቧ ጋር ከሐረር የወጣች። እ.ኤ.አ. በ2021 ለተመልካች የቀረበው «ፋያ ዳዪ» የተሰኘው ጥቁርና ነጭ ፊልሟ በሐረር ዙሪያ በጫት ሥራ የሚኖሩ ወጣቶችን ይከተላል። የቀይ ባሕር ማዶ ሐሳብ በወጣቶቹ ወሬ ውስጥ እየመጣ ይሄዳል። ፊልሙን ለመሥራት አሥር ዓመት ገደማ ፈጅቶባታል። እኔ ፊልሙን ሳይ ከአዋሽ ወዲህ ያሉትን ከተሞች አስባለሁ፤ የሚያወሩት እዚያም እዚህም አንድ ነውና።

የሠርግ ቪዲዮ

አዳማ ውስጥ ካሜራ ሞልቷል። ፎቶ ቤቶቹ በየመንገዱ ናቸው፤ ከጥር እስከ ሚያዝያ፣ በጾሙ መሐል ካለው ፋታ በቀር፣ የቪዲዮ ባለሙያዎቹ እንቅልፍ የላቸውም። ድሮን ያስነሣሉ፣ ሦስት ካሜራ ያቀናጃሉ፣ ሌሊቱን ኤዲት ያድራሉ። በዚህ ሥራ ላይ ያለ ወጣት ስለ ስደት ፊልም ሠርቶ እንደሆነ ሲጠየቅ አልሠራሁም ይላል። ከፋይ የለም፣ ፈቃድ አስቸጋሪ ነው፣ ሰውም ያኮርፋል።

ሥራውን ጠጋ ብሎ ላየው ግን ከስደት ፊልም አጠገብ ነው የሚውለው። ብዙ የሠርግ ቪዲዮ የሚሠራው በቦታው ለሌለ ሰው ነው። የሙሽራዋ ወንድም ጅዳ ነው፣ እህቷ ቤይሩት ናት፤ የድግሱን ወጪ የላኩት እነሱ ናቸው። ባለ ካሜራው በየጠረጴዛው እየዞረ መልእክት ያስተላልፋል። አያት ካሜራውን እያዩ ይመርቃሉ፤ አጎት ይቀልዳል፤ እናት መናገር ትጀምርና እንባ ይቀድማታል። ይህ ሁሉ ተቆርጦ፣ ተቀናብሮ፣ በቴሌግራም ይላካል። ጅዳ ያለው ልጅ ከሥራ ሲገባ ደጋግሞ ያየዋል። ባለ ካሜራው ከየትኛው ቤት ማን እንደሄደ፣ ማን እንደጠፋ፣ ማን እንደተመለሰ ያውቃል። ሰዉም እሱን ለምዶታል፤ ካሜራውን ሲያይ አይደነግጥም። በእኔ እምነት የስምጥ ሸለቆ ከተሞችን የስደት ታሪክ ለመሥራት ከማንም የቀረበው ይህ ሰው ነው።

> ብዙ የሠርግ ቪዲዮ የሚሠራው በቦታው ለሌለ ሰው ነው።

የሚጎድለው የሮሙ ትምህርት ቤት የነበረው ነገር ነው፤ ቁጭ ብሎ መነጋገሪያ ቦታና ጊዜ። ሮም ውስጥ እ.ኤ.አ. በ2012 በማኅበር ደረጃ የተቋቋመ የስደተኞች ትዝታ መዝገብ አለ፤ ዳግማዊ ከመሥራቾቹ አንዱ ነው። ምስክርነቶች እዚያ ይቀረጻሉ፣ ይቀመጣሉ፣ ይጠናሉ። የአርሲና የሐረርጌ፣ የጅማና የወሎ ልጅ ታሪኩን ሮም ሄዶ ማስቀመጥ የለበትም። አዳማ ውስጥ ዩኒቨርሲቲ አለ፣ አዳራሽ አለ፣ ቤተ መጻሕፍት አለ።

ሰዎቹ የሚያስቀምጡት ቅድመ ሁኔታ

ነገሩ ግን ከካሜራና ከአዳራሽ በላይ ነው። ከሊቢያ የተመለሰ ወጣት ፊቱ እንዲታይ የማይፈልግበት በቂ ምክንያት አለው። የሸጠው ደላላ ዘመድ በዚያው ከተማ ይኖራል፤ ገና ያልተከፈለ ዕዳም አለ። ከዐረብ አገር የተመለሰች ሴት ደግሞ ያልደረሰባትን ነገር ሁሉ ሰዉ እንዳይገምትባት ትፈራለች። ጋብቻዋ፣ የቤተሰቧ ስም በዚያ ላይ ይንጠለጠላል። ተፈናቃዮቹ ሌላ ስጋት አላቸው። መጥቶ የቀረጻቸው ብዙ ነው፤ ባለሥልጣን ሲጎበኝ፣ እርዳታ ሲታደል ካሜራ አብሮ መጥቷል። ያ ሁሉ ምስል የት እንደገባ ግን አልተነገራቸውም። የሚሰጡት መልስ ብዙ ጊዜ አጭር ነው፦ ቀድመን እንየው።

ጥሩ ዶክመንተሪ የሚጀምረው ይህን ጥያቄ በማክበር ይመስለኛል። ድምፅ ብቻ መቅዳት ይቻላል፤ እጅን፣ ግቢን፣ የሚሠራበትን ቦታ እያሳዩ ፊትን መተው ይቻላል። «አስማት» ከ300 በላይ ሙታንን ያስባል፤ የሚያስባቸውም በስማቸው ነው። ሰውየው ሐሳቡን ከቀየረ ደግሞ የተቀረጸው ይሰረዛል፤ ለባለሙያ ይህ ከባድ ነው፣ ግን መደረግ አለበት። በሚያዝያ 2007 ዓ.ም. ሊቢያ ባሕር ዳርቻ ላይ ወገኖቻችን ሲታረዱ የቀረጹት ገዳዮቹ ነበሩ። ከዚያ ቪዲዮ በፊት በደንብ የሚያውቃቸው የሰፈር ሰው ስለ ኳስ ጨዋታቸው፣ ስለ ቀልዳቸው ሊነግረን ይችል ነበር፤ የጠየቀው ጥቂት ነው።

ቋንቋውም ይታሰብበት። ዳግማዊ ሮም ውስጥ የጠየቃቸው በሚገባቸው ቋንቋ ስለሆነ ነው ያን ያህል የተናገሩት። እዚህ ፊልሙ በኦሮምኛም በአማርኛም መናገር አለበት። ከጅግጅጋ የመጣችው እናት ሶማሊኛን ጨምራ ሦስቱን ቋንቋ በአንድ ዐረፍተ ነገር ትቀላቅላለች፤ አስተርጓሚ ያጠራላት ዕለት ግማሽ ሕይወቷ ይቀራል።

የት ይታይ ለሚለው ከሊቢያ የተመለሱ ወጣቶች ያላቸው ሐሳብ ከእኔ ይሻላል። እኔ ስለ አዳራሽ ሳስብ እነሱ የሚያነሡት አውቶቡስ ተራውን፣ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶቹንና ወጣቱ ማታ ማታ ኳስ የሚያይባቸውን ቤቶች ነው። ከጨዋታው በፊት ያለው ግማሽ ሰዓት ይበቃል ይላሉ። ደላላውም እዚያው ተቀምጦ ኳስ ስለሚያይ እሱም ይመልከተው፤ የሚናገረው ሰው ድምፅ የማን እንደሆነ እሱ አይጠፋውም። ለዚህም ነው ከመካከላቸው አንዳንዶቹ፣ ይህን ሁሉ ካሉ በኋላ፣ ድምፃቸው በሌላ ሰው እንዲነበብ የሚጠይቁት።